ታቢታ በፍርስራሹ መካከል ያመሰገነችበት ቀን

ታቢታ ሎምባሞ አዋሳ በሚገኝ አንድ የዱቄት ፋብሪካ ውስጥ የጆንያ አፍ እየሰፋች የኖረች ሴት ናት። ሥራው ተቀምጠው የሚሠሩት በመሆኑ ብዙ ሰው ቀላል ይመስለዋል። ማሽኑ ግን ጣት ይወጋል፤ ዱቄቱም በአፍንጫ እየገባ ቤት ድረስ ተከትሎ ያስላል። ታቢታ በዚህ አማርራ አታውቅም። በልጅነቷ ከከምባታ የመጣች፣ ዝምተኛ፣ ሰው ሲታማ ቀስ ብላ ተነሥታ የምትሄድ ሴት ነበረች። ባሏ ታምሩ አናጢ ነው። ከሐይቁ ዳር፣ አሞራ ገደል ለሚውሉት ዓሣ አጥማጆች ጀልባ ይጠግናል፤ የጀልባ ሥራ ሲጠፋ ደግሞ በርና መስኮት ይሠራል። ልጅ አጥተው ብዙ ከቆዩ በኋላ አንዲት ሴት ልጅ ወለዱና ወንጌላዊት አሏት። ከእሷ በኋላ ሌላ አልመጣም።

የሚጸልዩበት ቤት በመንግሥት ከታሸገ ዓመታት አልፈው ነበር። አግዳሚ ወንበሮቹ ለስብሰባ ተወስደዋል፤ በሩ ላይ የተንጠለጠለው ቁልፍ ዝጓል። ታቢታ በዚያ በኩል ስታልፍ ቀና ብላ አታይም፤ ስለዚያ ነገርም ለማንም አታወራም። በሥራዋ ግን ነቀፋ አይገኝባትም ነበርና በ1978 መጨረሻ ፋብሪካው ኮከብ ሠራተኛ ብሎ መረጣት። ሽልማቱ ከሌሎች ፋብሪካዎች ኮከቦች ጋር ሆኖ በጥቁር ባሕር ላይ በመርከብ መጓዝ ነው ተባለ። ታቢታ ይህን ስትሰማ ደነገጠች።

«እኔ ሄጄ ምን ልሠራ?» አለች ቤቷ ገብታ። «ሌላ ሰው ይላኩ። ውሃ ከሆነ እዚሁ ሐይቃችን አለልኝ።»

«እማዬ፣ የሐይቁ ማዶ እኮ ይታያል» አለች ወንጌላዊት። «ባሕር ማዶ የለውም ይላሉ። እስቲ ሄደሽ አይተሽ ንገሪኝ።»

«አባትሽን ማን ያበላዋል?»

«እኔ አለሁ አይደል? አሥረኛ ክፍል ደርሼ ሽሮ መሥራት ያቅተኛል?»

ታምሩ ከበሩ ጥግ ሳቀ። «ሽሮዋን ቀምሼዋለሁ። ግድ የለም ሂጂ፣ እችለዋለሁ።»

ታቢታ ከዕንቁጣጣሽ በኋላ ሄደች። ልትወጣ ስትል ወንጌላዊት ለትምህርት ቤት የምትለብሰውን ሰማያዊ ሹራብ አምጥታ ሻንጣዋ ውስጥ ጨመረችላት። «ባሕር ላይ ይበርዳል፤ ለእኔ የድሮው ይበቃኛል» አለቻት።

የቡድኑ መሪ ግዛቸው ይባላል፤ ከአዲስ አበባ የመጣ የሠራተኛ ማኅበር ሰው ነው። ድምፁ ትልቅ፣ ጭፈራ የሚወድ፣ ሁሉንም «ጓድ» ብሎ የሚጠራ ሰው ነበር። መርከቡ ኦዴሳ ከምትባል የሶቪየት ወደብ ተነሣ። በመጀመሪያው ቀን ባሕሩ ታቢታን አጥወልውሏት ተኝታ ዋለች። በማግስቱ ተሽሏት ወደ ላይ ወጣች፤ የብረቱን ድጋፍ ይዛ ብትመለከት እውነትም ማዶ የለም። ብቻዋን ፈገግ አለች። አጠገቧ ለነበረች የጨርቃ ጨርቅ ሠራተኛ «ልጄ ትክክል ናት» አለቻት።

መርከቡ የቡልጋሪያ ወደብ ሲደርስ ከኤምባሲ የተላከ ሰው ወጣና ግዛቸውን ለብቻው አነጋገረው። እናቷ ከሄደች በኋላ ወንጌላዊትን ወባ ይዟት ነበር። ትኩሳቱ ወደ ጭንቅላቷ ወጥቶ ሆስፒታል ብትገባም አልተረፈችም፤ ተቀብራለች። ታምሩ በፋብሪካው በኩል ስልክ አስደውሎ አንድ ነገር ብቻ ለምኗል፤ «አደራችሁን፣ ባዕድ አገር ላይ እንዳትነግሯት። ቤቷ ገብታ፣ ሰው በዙሪያዋ ሆኖ ትስማ።»

ግዛቸው ታቢታን ቶሎ ወደ አገሯ የሚመልስበትን መንገድ ጠየቀ። መመለሻው አውሮፕላን በቡድን የተያዘ ነው፤ ቋንቋ የማታውቅ ሴት ብቻዋን ከአገር አገር እየቀየረች መሄድ አትችልም ተባለ። ጉዞው እስኪያልቅ ከመጠበቅ በቀር መላ አልነበረም። ግዛቸው ለጓደኞቿ ጉዳዩን ነገራቸውና ፊታቸው ላይ ምንም እንዳይታይ አስጠነቀቃቸው።

በማግስቱ መርከቡ የሚቆመው ኔሴባር በምትባል አሮጌ ከተማ አጠገብ ነበር። በፕሮግራሙ መሠረት ከቡልጋሪያ ሠራተኞች ጋር ምሳ ይበላል፤ ከዚያ ሙዚቃና ጭፈራ አለ። ግዛቸው ይህን አልፈለገም። የልጇ መቃብር አፈሩ ሳይደርቅ እናቲቱን እንዴት ያስጨፍራት? ስለዚህ የጥንቱን ፍርስራሽ የምታሳያት አንዲት አስጎብኚ ፈለገላት። አስተርጓሚ እንዲሆናትም እዚያ አገር እርሻ የሚማር ሽበሺ የሚባል ወጣት አስመጣ። ለሁለቱም እንግዳዋ ክብር ያላት ሠራተኛ እንደሆነች ነገራቸው፤ ለሽበሺ ግን ገለል አድርጎ እውነቱን ነገረው።

«እህቴ ታቢታ» አላት ጠዋት። ጓድ አላላትም። «እርስዎ ዛሬ ለብቻዎ ይጎበኛሉ። ጥንታዊ ከተማ ነው፤ ሰው ሳይገፋዎት፣ ረጋ ብለው ይዩት።»

«ለብቻዬ? ምን ሠርቼ?»

«ይገባዎታል» አለና ፊቱን አዞረ።

በትንሽ ጀልባ ወደ መሬት ወሰዷት። ነፋስ ስለነበረ የልጇን ሹራብ ለብሳለች። አስጎብኚዋ ዶንካ የምትባል ጥቁር የለበሰች አሮጊት ናት፤ በትር ተደግፋ ትራመዳለች፣ ግን አትዘገይም። በመጀመሪያ ከባሕሩ አፍ ላይ ያለውን የከተማ ቅጥር አሳየቻት። ከክርስቶስ ልደት በፊት የተሠራ ነው ብላ ስትናገር ሽበሺ ተረጎመላት። ታቢታ ድንጋዩን በመዳፏ ዳሰሰችው። የጥንቱ ከተማ ከፊል ከውሃ በታች ሰምጧል አለቻት ዶንካ፤ ባሕሩ ሲጠራ ከላይ ሆነው ሲያዩት ይታያል። ታቢታ ጎንበስ ብላ ብታይ ግን አልታያትም።

«ይህን ለልጄ እነግራታለሁ» አለች ለሽበሺ። «ውሃ ውስጥ ከተማ አለ ብላት አታምነኝም። አንተ ወላጆችህ የት ናቸው?»

«ደብረ ብርሃን ናቸው፣ እትዬ።»

«ትጽፍላቸዋለህ?»

«አልፎ አልፎ።»

«ቶሎ ቶሎ ጻፍላቸው እንጂ። እናት ትናፍቃለች።»

ሽበሺ እሺ አለ። ዶንካ በጠባቡ መንገድ፣ ታቹ ድንጋይ ላዩ እንጨት በሆኑ ቤቶች መካከል እየመራች ወሰደቻቸው። መንገዱ ሲሰፋ ከፊታቸው ጣራ የሌለው ትልቅ ቤተ ክርስቲያን ቆሞ አዩ። ግድግዳውና ቅስቶቹ አሉ፤ ከዚያ በላይ ሰማይ ነው። ወለሉ ላይ ሣር በቅሏል፤ በመስኮቶቹ ወፎች ይገባሉ፣ ይወጣሉ።

ታቢታ በሩ የነበረበት ቦታ ላይ ቆማ ቀረች። «ማን ነው ያፈረሰው?» አለች።

«የባሕር ዘራፊዎች፣ ጦርነት፣ እርጅና» አለች ዶንካ። «ሁሉም ትንሽ ትንሽ አፍርሶታል።»

«አሁን ማን ይጸልይበታል?»

«ማንም። ሰው የሚመጣው ለማየት ነው።»

«መጸለይስ ይከለከላል?»

ሽበሺ ከመተርጎሙ በፊት ዙሪያውን ቃኘ። ዶንካ ሰምታ ትከሻዋን ነቀነቀች። «ማን ይሰማታል? ትጸልይ» አለች።

ታቢታ ነጠላዋን ሳብ አድርጋ ገባችና ሣሩ ላይ ተንበረከከች። በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ መካከል ከተንበረከከች ስንት ጊዜዋ! መጀመሪያ በእናቷ ቋንቋ በከምባትኛ ጀመረች፤ ጸሎት ቤት የለመደችው በአማርኛ ስለሆነ ወዲያው ወደዚያ ገባች። ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ነበር የምትጸልየው፤ የሚከለክላት የለማ።

«ጌታ ሆይ፣ እዚህ ድረስ ስላመጣኸኝ አመሰግንሃለሁ። ባሌን ስለጠበቅህልኝ አመሰግንሃለሁ። ለልጄ ለወንጌላዊት ጤና ስለሰጠህልኝ፣ ስለ እድገቷ፣ ስለ ሳቋ አመሰግንሃለሁ። በሰላም መልሰህ ፊቷን አሳየኝ።»

ሽበሺ ሹልክ ብሎ ከግድግዳው ኋላ ሄደ። ዶንካ ተከትላው ብትመጣ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፍኖ አገኘችው። ምን እንደሆነ ስትጠይቀው በቋንቋዋ ነገራት። ታቢታ ጸሎቷን ጨርሳ፣ ፊቷ በርቶ፣ ጉልበቷን እያራገፈች ስትወጣ ዶንካ እጇን ያዘች፤ ጀልባው ጋ እስኪደርሱም አልለቀቀቻትም።

«እኚህ እናት ምን ያህል ደግ ናቸው» አለች ታቢታ። «እግዜር ይስጥልኝ በልልኝ።»

ሽበሺ ተረጎመላት። ዶንካ የታቢታን ሁለት ጉንጮች ስማ ወደ ኋላዋ ሳታይ ሄደች።

ከዚያ በኋላ መርከቡ ላይ ያሉት ኢትዮጵያውያን መጨፈር ተዉ። ታቢታ ድካም ይመስላታል። ይልቁንም እሷ ዝምታዋን ትታ ለእያንዳንዱ ሰው ስለ ቅጥሩ፣ ስለ ሰመጠው ከተማ፣ ስለ ወፎቹ ታወራለች፣ ትስቃለች። በሕይወቷ ያን ያህል ያወራችበት ጊዜ አልነበረም። ሰዎቹ እየሰሙ ያጎነብሳሉ። ግዛቸው እሷ የተቀመጠችበት ገበታ ላይ መብላት ትቶ ነበር።

አዲስ አበባ ሲደርሱ ግዛቸው ወደ ቤቱ አልሄደም። «አዋሳ ሥራ አለኝ፣ አብረን እንሄዳለን» ብሎ በፋብሪካው መኪና አብሯት ተሳፈረ። ከሰዓት በኋላ ከተማው ገቡ። መኪናው ወደ ሰፈሯ ሲታጠፍ ታቢታ ከአጥሯ ውጭ የትምህርት ቤት ልጃገረዶችን አየች፤ ሰማያዊ ሹራብ ለብሰው ቆመዋል።

«ወይ ጉድ!» አለች እየሳቀች። «ይቺ ልጅ ጓደኞቿን ሁሉ ይዛ ልትቀበለኝ ወጣች።»

መኪናው ቆመ። ታቢታ ወረደችና ልጃገረዶቹን በዓይኗ ለቀመቻቸው። አንዷ አንገቷን ደፋች። ሌላዋ ማልቀስ ጀመረች። ታቢታ እንደገና ተመለከተቻቸው።

«የእኔዋስ?» አለች።

ታምሩ ከግቢ ወጣ። ከስቷል። ጎረቤቷ የሺ ከኋላው ሮጣ መጥታ በሁለት ክንዷ አቀፈቻት።

«የእኔዋስ? ታምሩ፣ ወንጌሌስ?»

«ቀደመችን፣ ታቢታ» አለ ታምሩ።

ልቅሶው እንዴት እንደነበረ የሰፈሩ ሰው አሁንም ያስታውሳል። ታቢታ መሬት ላይ እንዳትፈጠፈጥ የሺና ሌሎች ሴቶች ተሸክመዋት ገቡ። ለቀስተኛው ቀለል ሲል የጠየቀችው መቼ እንደሞተች ነበር። ሲነግሯት ቀኑን ከጉዞዋ ጋር አስተያየችውና በፍርስራሹ መካከል ስትንበረከክ ልጇ ከአፈር በታች እንደነበረች ገባት። ሳጥኑንም ታምሩ በገዛ እጁ እንደሠራው ሰማች። ሰዎች ሌላ አናጢ ይሥራው ቢሉት እምቢ ብሎ ነበር። ለምን አልጠራችሁኝም ብላ ባሏን አልተናገረችውም። እጁን ብቻ ይዛ ተቀመጠች።

ከወራት በኋላ ፋብሪካው ስብሰባ ጠርቶ ስለ ጉብኝቷ ለሠራተኛው ንግግር እንድታደርግ አዘዛት። ተነሥታ ቆመች። «ባሕሩ ትልቅ ነው» አለችና ተቀመጠች። የሚያጨበጭብ አልነበረም፤ ሌላ እንድትጨምር የገፋፋትም የለም።

ሽበሺ ትምህርቱን ጨርሶ በ1981 ተመለሰ፤ ሥራ የተመደበውም አዋሳ አጠገብ ባለ የመንግሥት እርሻ ነበር። አድራሻዋን አጠያይቆ አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ መጣ። ታቢታ ወዲያው አወቀችው። አስገብታ አስቀመጠችው፤ ምግብ አቀረበችለት። እስኪበላ ጠብቃ ጠየቀችው።

«ያን ቀን ታውቅ ነበር?»

«አውቅ ነበር፣ እትዬ ታቢታ።»

«ስጸልይ ሰማኸኝ?»

«ሰማሁ።»

«ለሞተች ልጄ ጤና ብዬ ሳመሰግን ዝም አልከኝ።»

የሽበሺ ዓይን እንባ ሞላ። «ልናገር አፌን ከፍቼ ነበር። ግን እዚያ፣ ከእኔ ሌላ የአገር ሰው በሌለበት ቢነገርዎት፣ እኔ እንዴት አድርጌ እችለዋለሁ ብዬ ፈራሁ። ለእርስዎ ብዬ ብቻ አይደለም፤ ለራሴም ፈርቼ ነው።»

«አልተቀየምኩህም» አለች ታቢታ። «በአንተ ቦታ ብሆን እኔም ዝም እል ነበር። ግን ምን እንደተረፈኝ ልንገርህ። ከዚያ ወዲህ ማመስገን እፈራለሁ። አመሰግናለሁ ለማለት አፌን ስከፍት፣ አሁን ደግሞ ማን ሞቶ ይሆን እላለሁ። ታምሩ ሥራ ላይ ከሆነ ሄጄ አይቼው እመለሳለሁ።»

ሽበሺ ካቀረቀረበት ቀና ብሎ «ወንጌላዊት ምን ትወድ ነበር?» አላት።

በዚያ ቤት ይህን የጠየቀ ሰው አልነበረም። ሁሉም ስሟን እንኳ ላለማንሣት ይጠነቀቅ ነበርና ታቢታ መጀመሪያ ያልሰማች መሰለች። ከዚያ ዝናብ መውደዷን ነገረችው። ሽሮ ስታበስል መዝሙር እያንጎራጎረች ማሳረሯን ነገረችው። በትንሽነቷ የታምሩን መዶሻ ደብቃ ሰፈሩን ሁሉ ማስፈለጓን ነገረችው። ስትናገር አንዳንዴ ትስቃለች፤ አንዳንዴ ድምፅዋ ይቆረጥና ነጠላዋን አፏ ላይ ታደርጋለች። ሽበሺ አላቋረጣትም።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ታምሩ ከአሞራ ገደል ተመለሰ። መጋዙን ትከሻው ላይ እንዳደረገ ወደ ቤቱ ሲቃረብ የልጁን ስም ሰማ። ከግድግዳው ጋር ተጠግቶ ቆመ። ከገባ ወሬው ይቋረጥ ይሆናል ብሎ ሰጋ። ታቢታ እስክትጨርስ ድረስ እዚያው ውጭ ቆሞ ሲያዳምጥ ቆየ።