የጎደለው ወረቀት

የሒሳብ መምህርቷን ተማሪዎቿ በሌለችበት «ደወል» ይሏታል። ሃያ ሦስት ዓመት ስታስተምር ከሰዓቷ አንዲት ደቂቃ አሳልፋ አታውቅም። ለማጠቃለያ ፈተናም ዋና ፈታኝ የምትሆነው ሁሌ እሷ ናት።

በዚያ ዓመት ፈተናው ከተጋመሰ በኋላ መስኮት ስር የተቀመጠች ልጅ እጇን አወጣች።

«ቲቸር፣ የኔ ከስድስተኛው ገጽ ቀጥሎ ዘጠነኛው ነው።»

እውነትም አንድ ወረቀት የለም፤ አሥራ አንድ ጥያቄ ጎድሏል። መምህርቷ የልጅቷን ጥራዝ ለማስረጃ ይዛ ወደ ፈተና ጣቢያው ኃላፊ ሮጠች። ቁልፍ ሲፈለግ፣ ካዝና ሲከፈት፣ ሲፈረም፣ ሙሉ ጥራዝ ይዛ እስክትመለስ አርባ ደቂቃ ሄደ። ልጅቷ ይህን ሁሉ ጊዜ ባዶ ዴስክ ላይ አፍጥጣ ቆየች።

ሰዓቱ አልቆ ሌሎቹ ሲወጡ ልጅቷም ተነሣች።

«ቁጭ በይ፣» አለቻት መምህርቷ። «አርባ ደቂቃ አለሽ።»

ረዳት ፈታኙ፣ የስፖርት አስተማሪው፣ ደነገጠ። «ኧረ እትዬ፣ ይሄ ነገር ጣጣ አለው! ደንቡ ለሁሉም እኩል ሰዓት ነው የሚለው።»

«እኩል ወረቀት ሰጥተናታል?»

እሱ ግን የተጨመረውን ሰዓት ሪፖርቱ ላይ ጻፈው።

ውጤት ሲወጣ የልጅቷ ታገደ። መምህርቷን ቅንድብ አስተካክላለሁ ብላ ዓይን ማጥፋቷ ዕረፍት ነሳት። ሰኞ ፈተና ቢሮ ሄደች፤ ረቡዕም፣ ዓርብም። ነገ ይምጡ ነው መልሱ። ጠመኔ ይዛ ሰሌዳ ፊት ቆማ የጀመረችው ስሌት ይጠፋባታል። እራት ላይ ሦስቴ ስትነሣ ባሏ «ምናለ አንዴ እንኳ አርፈሽ ብትቀመጪ!» አላት።

አንድ ቀን የልጅቷ እናት፣ ልብስ አጣቢዋ፣ እጇን በቀሚሷ እያደረቀች ትምህርት ቤት መጣች።

«ጎረቤት ሁሉ ልጅሽ ኮርጃ ነው ይለኛል። እውነት ነው?»

«አልኮረጀችም እናቴ። ሰዓቱን የጨመርኩላት እኔ ነኝ።»

መምህርቷ ያንኑ ቃል በጽሑፍ አድርጋ ቢሮው ወሰደች። ሹሙ አነበበው።

«ይህን ከፈረሙ ከእንግዲህ ፈታኝ አይሆኑም።»

«እስክሪብቶ ያቀብሉኝ።»

ልጅቷ ታመው ከቀሩት ጋር እንደገና ተፈተነች። ለሐኪምነት ሦስት ነጥብ ጎደላትና ነርሲንግ ገባች።

«ሦስት ነጥብ እኮ ናት ቲቸር፣» አለች ልትሰናበታት መጥታ እየሳቀች።

መምህርቷ አልሳቀችም። በዓመቱ፣ የፈተናው ዕለት፣ ቤት መቀመጥ አቅቷት ሰፈሩን እስኪመሽ በእግሯ ዞረችው።