የወታደር ካፖርት

ዲላ ታስሬ ሳለሁ ካፖርቴን ከላዬ ገፈው፣ በተቀደደ ቀሚስ በወንዶች ፊት አመላለሱኝ። ይህ ይጻፍልኝ።

ንጉሡ ሳይወርዱ ነው። ባሌ የቡናችንን እኩሌታ አልሰጥም ብሎ ባለርስቱን ከሰሰ። ፖሊሶች ሊይዙት ወናጎ ቤታችን ድረስ መጡ፤ እሱን ሲያጡት እኔን ከእንሰቱ መሃል ጎትተው ወሰዱኝ። ቀሚሴ ከኋላ እስከ ወገቤ ተተረተረ። ደግነቱ ከገበያ የገዛሁትን ካፖርት ደረብኩበት።

እስር ቤቱ በር ላይ አንድ ዘበኛ ካፖርቱን ሳብ አድርጎ «የማን ነው?» አለኝ።

ያኔ አማርኛዬ የገበያ ነበር። ምን ዓይነት ነው ያለኝ መሰለኝ። ገበያ ላይ ያንን ወፍራም ልባሽ «የወታደር» ነበር የምንለው።

«የወታደር ነው» አልኩ።

«እንግዲያው ለወታደር ይመለሳል!»

ጓደኞቹ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። እሱ ለበሰው።

ጠዋት ወደ ሽንት ቤት ስንወጣ ግቢው በወንድ እስረኞች ይሞላል። ቀሚሴን ከኋላዬ ጨምድጄ፣ መሬት መሬት እያየሁ አልፋለሁ። አንድ የመንደራችን ሽማግሌ ሲያዩኝ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ ያዞሩልኛል። ይኼኔ የባሰ አፍራለሁ።

ካፖርቱ እሱ ላይ ሲያረጅ አየሁት። ትከሻው በጠመንጃ ማንገቻ ሳሳ። ጫፉን ጭቃ በላው። እኔ የጣፍኩት ክርን ግን ደህና ነበር። ክረምቱ ሲገፋ ብብቱ ስር ተቀደደ።

አንድ ቀን ካፖርቱን ከመርፌና ክር ጋር ወረወረልኝ። «አንቺ፣ ስፊልኝ!»

አብራኝ የታሰረችው አሮጊት «እንዳትነኪው!» አለችኝ።

«መርፌው መጣልኝ እኮ እማማ፤ ነጠላዎን ይጋርዱልኝ» አልኩና ቀሚሴን አውልቄ መጀመሪያ የራሴን ሰፋሁ። ዘበኛው ዝናብ ላይ ቆሞ በሩን ደበደበ።

«አልጨረስሽም እንዴ?»

«ተራህን ጠብቅ!»

ከዚያ የሱን ጠቀምኩ። በሩን ሲከፍት ካፖርቱን በደረቴ አቅፌ ቆምኩ። ሁለት እጄም ፊት ለፊት ነበር፤ ከኋላዬ የምይዘው አልነበረኝም።

«የማን ነው?» አልኩት።

ቢፈልግ ይነጥቀኝ ነበር። አልነጠቀኝም።

ከእጄ ተቀብሎ ለበሰው፤ በኋላም ካፖርቱን እንደለበሰ ወደ ሌላ ቦታ ተዛወረ፤ ካፖርቴ አልተመለሰልኝም። ዛሬም ከቤት ስወጣ እጄ ሳላዘው ወደ ጀርባዬ ይሄዳል። የልጅ ልጆቼ «አያቴ ምን ጠፋሽ?» እያሉ ይስቃሉ።

ያን ቀን ግን ዘበኛው ጓደኞቹ እንዳይሰሙት ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ዓይኑን ከጣፍኩት ክርን ሳያነሳ መለሰልኝ።

«ያንቺ ነው።»