ከፖስተሩ ሥር ያለው ወንበር

ክሊኒኩ ውስጥ ባዶ ወንበር ሞልቶ ሳለ ሴትዮዋ ከፖስተሩ ሥር ተቀምጣለች። ራሷን ግድግዳው ላይ ስታስደግፍ፣ ከባሏ ዱላ የተረፈችው ሴት ፎቶ ግማሹ ይሸፈናል። ጫማዋ ተወልውሏል፤ በዚህ ሙቀት ኮቷን እስከ አንገቷ ቆልፋለች።

«እህቴ፣ ፀሐዩ ፊትሽ ላይ ነው እኮ፤ ወዲህ ነይ» አለቻት የካርድ ክፍል ሠራተኛዋ።

«ተይኝ፣ ፀሐይ እንደሆነ በነፃ ነው» ብላ ሳቀች።

አዳዲስ ፖስተሮች ጠቅልሎ የመጣው የፀረ ሴቶች ጥቃት ዘመቻው ባለሙያ በሳቋ አወቃት። ዓምና ታሪኳን ስትነግረው አብሯት አልቅሶ ነበር። ፎቶዋ ፖስተር ላይ እንዲወጣ ከመፈረሟ በፊት የለመነችው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ከደረጃ ወድቃ እንደተጎዳች የምታምነው ልጇ እውነቱን እንዳታውቅ። እሱም ቃሉን ጠብቆ ፊቷን አደበዘዘው። ጫፉ በአረንጓዴ ክር የተሰፋውን ቢጫ ሻርፕ ግን፣ ለዓይን ስላማረው፣ እንዳለ ተወው።

ዛሬ ሻርፑን አልለበሰችም። ቀርቦ ሰላም አላት።

«ፊቴንስ ሸፍነህልኛል፣ ወንድሜ» አለችው ዝግ ብላ። «ልጄ ያወቀችው ክሩን ነው። የሰፋችው እሷ ናት።»

እጁን ወደ ፖስተሩ ሰደደ።

«ተወው» አለችው። «ትምህርት ቤቷ በር ላይም አለ።»