ያቃጠልኩት ፊት

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ለንስሐ አባቴ እንኳ ስናዘዝ ዘልዬዋለሁ።

መሠረት፣ ኮተቤ አብራኝ የተማረች ጓደኛዬ ናት። ጉርድ ሾላ አንድ የመዋቢያ ዕቃ መሸጫ ውስጥ ትሠራ ነበር። ባለሱቁ "ሻጯ ካልቀላች ማን ይገዛል?" እያለ ቆዳ የሚያቀላ ክሬም ሲያስቀባት ጉንጯ ተቃጠለ። ክሬሙን ተወችው፤ ወራት ቆይቶ ዳነላት።

እኔ ያኔ አጭር ፊልም እየሠራሁ ነበር። ታሪክ የሚባል የለውም፤ መስታወት፣ ማስታወቂያ፣ የገዛ ፊቱን የሚጠላ ሰው ብቻ። ገበያው እንዴት ራሳችንን እንደሚያስጠላን ላሳይ ነው እኮ! መሠረትን መስታወት ፊት አስቀመጥኳትና በካሜራው አየኋት። ጉንጯ ጥርት ብሏል። ደስ ሊለኝ አይገባም ነበር? እኔ ግን ከፋኝ።

"ያን ክሬም ትንሽ ብትቀቢውስ? ለቀረጻው ብቻ" አልኳት።

"እንደገና ቢያቃጥለኝስ?"

"ወዲያው ትታጠቢዋለሽ። በእኔ ይሁንብሽ።"

አመነችኝ። በገዛ ጣቴ ቀባኋት። ሲለበልባት እንባዋ ወረደ፤ እኔ "ቆይ፣ እንዳትነኪው" እያልኩ ቀረጽኩ። ውሃ ስትለምነኝም ቀረጽኩ። እኔ ነኝ፤ ሌላ ማንም አይደለም።

ፊልሙ ሲታይ አዳራሹ አጨበጨበ። አንዱ ተነስቶ "ልጅቷን እንዲህ ያደረጋት ማነው?" ሲለኝ፣ ማይኩን ይዤ "ገበያው ነው፤ ሁላችንም ነን" አልኩ። እንዴት አፌ አልተሳሰረም? መሠረት ከኋላ ተቀምጣ ትሰማኝ ነበር።

ጉንጯ ግን ሁለተኛ አልዳነም። ጠቁሮ፣ ተሸብሽቦ ቀረ። ባለሱቁ ከሥራ አሰናበታት፤ እሷም ሰው እንዳያያት እንጦጦ ማርያም አጠገብ እናቷ ቤት ገብታ ተቀመጠች።

በቅርቡ ጨክኜ ሄድኩ። እናቷ ደጅ ድረስ ወጥተው ግንባሬን ሳሙኝ።

"ሁሉም ሲረሷት አንቺ መጣሽልን። እግዚአብሔር ያክብርሽ ልጄ!"

መሠረት ነጠላዋን እስከ ዓይኗ ተከናንባ ታየኛለች። እናቷ ወደ ጓዳ ሲገቡ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ "እኔ አልነገርኳትም" አለችኝ። "አንቺ ትነግሪያታለሽ ብዬ ነው የጠበቅኩት።"

እናቷ ተመለሱ። አፌን ከፈትኩ። የወጣው ግን "ታክሲ እንዳያመልጠኝ ልሂድ" የሚል ነበር።

ልጅ ነበርኩ አልልም። አላወቅኩም አልልም። እንደሚያቃጥላት ዐውቅ ነበር፤ የቀባኋትም ስለሚያቃጥላት ነው። ለእናቷ መናገር ያቃተኝን፣ ለማታውቁኝ ለእናንተ ነግሬ እፎይ ልል ነው? እባካችሁ፣ ይቅር አትበሉኝ።