ሦስተኛው መስኮት

አንሰል ዊትኮም ጠመንጃ ፋብሪካ ውስጥ ሠላሳ ስድስት ዓመት ሲሠራ አንድ ቀን እንኳ ተኩሶ አያውቅም። አዲስ ሠራተኛ ይህን ሰምቶ ሲገረም፣ «ጎረቤቴ አናጢው የሬሳ ሣጥን ይሠራል፤ እሱም እስካሁን አልተኛበትም» ይለው ነበር። ቀልዱን ሁሉም በቃላቸው ያውቁታል፤ አንሰል ሲናገረው ፊቱ ስለማይፈታ ግን እንደገና ይስቃሉ። ካለፈው የካቲት ወዲህ ትቶታል። በየካቲት ያ አናጢ ለአንሰል ሚስት ለሎቪና የሬሳ ሣጥን ሠራላት። አሳምሮ ነበር የሠራው።

ፋብሪካው በኮነቲከት ወንዝ ዳር የቆመ የቀይ ሸክላ ሕንፃ ነው። የሚወጣው ጠመንጃ ከምላጩ ሥር ባለ ማንሻ የሚጎርሰው፣ ገበሬው ከበሩ ኋላ የሚያቆመው፣ አዳኙ ከኮርቻው ጎን የሚያስረው ያ የታወቀው ነው። አንሰል የሚሠራው ሦስተኛ ፎቅ ላይ፣ በሰሜን በኩል በተደረደሩት አምስት መስኮቶች ሥር ነው። አፈሙዝ አቅኚ ነው።

አፈሙዝ ተበስቶ ሲመጣ ቀጥ ያለ ይመስላል እንጂ የሆነ ቦታ ላይ የፀጉር ያህል ጎብጧል። አቅኚው አፈሙዙን ማቅኛው ላይ አጋድሞ በቀዳዳው ወደ መስኮቱ ያያል። መስታወቱ ላይ አግድም የተቀባች አንዲት ጥቁር መስመር አለች። ጥላዋ በተወለወለው ቀዳዳ ውስጥ እንደ ሁለት ክር ተዘርግቶ ይታያል። ክሩ ቀጥ ካለ አፈሙዙም ቀጥ ብሏል። ክሩ ከተሰበረ ግን አቅኚው ከራሱ በላይ የተሰቀለውን መዘውር ትንሽ ያዞርና የተሰበረበት ቦታ ላይ ይጫነዋል። ይኸው ነው። ለመልመድ ሦስት ዓመት ይፈጃል።

አንሰል ሲቀጠር ብረቱ ለስላሳ ስለነበር የሚያቀኑት በመዶሻ ነበር። በኋላ ጭስ የሌለው ባሩድ መጣ፤ ለእሱ ብረቱ ጠነከረ፤ መዶሻው አልበቃ ብሎ መዘውሩ ተተከለ። የአንሰል መዶሻ አሁን መስኮቱ ደፍ ላይ ተቀምጦ ወረቀት እንዳይበር ይይዛል።

ክፍሉ የራሱ ሕግ አለው። መስኮት በአገልግሎት ዘመን ነው። ጥሩ ብርሃን ያለው ሦስተኛው ስለሆነ የአንጋፋው ነው፤ አንጋፋው ሲወጣ ተከታዩ ይገባበታል። እያንዳንዱ አቅኚ ከሠራው አፈሙዝ ሥር፣ እንጨቱ በሚሸፍነው በኩል የራሱን ምልክት ይመታል፤ የአንሰል ሦስት ነጥብ ነው። በሌላ ሰው አፈሙዝ ውስጥ ግን ማንም አያይም። የሰው ደብዳቤ ከፍቶ ከማንበብ ይከፋል።

በሚያዝያ አንድ እሑድ ጠዋት አንሰል የሸሚዝ ቁልፍ ሊተክል ከሎቪና የስፌት ሣጥን መርፌ አወጣ። ክሩ አልገባ አለ። ግራ ዓይኑን ጨፍኖ ሲያይ የወጥ ቤቱ መስኮት ወተት የተደፋበት መሰለው። ሐኪሙ የዓይን ሞራ ነው፣ ለመገፈፍ እስኪጠና መጠበቅ አለብህ አለው። አንሰል ሠላሳ ስድስት ዓመት ያየው በቀኝ ዓይኑ ነው። ቢናገር መስኮቱን ይለቃል። ቤት ውስጥ ሎቪና የለችም፤ ፋብሪካም መስኮቱ ከሌለ ጠዋት ጠዋት ለምን እንደሚነሣ አላወቀም። ስለዚህ ዝም አለ። ደግሞም ከምርመራ ክፍል አንድም አፈሙዝ አልተመለሰበትም። «ዓይኔ ቢደክም እጄ ያውቀዋል» ብሎ ራሱን አሳመነ።

በመስከረም ጠመንጃው አርባ ዓመት ሊሞላው ሆነ። ፕሬንቲስ የሚባል የቢሮ ሠራተኛ ለበዓሉ መጽሔት ታሪኩን ሊጽፍ ደብተሩን ይዞ በየፎቁ መዞር ጀመረ።

«ሚስተር ዊትኮም፣ ይህ ጠመንጃ እንዴት እንደተጀመረ ቢነግሩኝ።»

«የፋብሪካው ባለቤት የበር ቁልፍ ሠሪ ነበር» አለ አንሰል መዘውሩን ሳይለቅ። «አንድ ቀን ከምዕራብ የመጣ ጠመንጃ ጠጋኝ ከካፖርቱ ሥር የእንጨት ጠመንጃ አወጣ። ከጥድ የተጠረበ፣ የልጅ መጫወቻ የመሰለ። ሦስት ፋብሪካ አባሮታል። ቁልፍ ሠሪው ማንሻዋን ወደ ታች ወደ ላይ ሲያደርጋት ቀጭ ቀጭ አለች። ‹ይህቺ ጥሩ ቁልፍ ናት› ብሎ ተቀበለው።»

«ውሸቱን ነው» አለ ከአራተኛው መስኮት ኤልዜር ፖመርሎ። ኤልዜር ወላጆቹ ከካናዳ፣ ከኩቤክ የመጡ ወፍራም ሰው ነው፤ ከአንሰል ጎን ሃያ ሁለት ዓመት ተቀምጦ ሃያ ሁለቱንም ዓመት ሲከራከረው ኖሯል። «ጠጋኙ የእኛ አገር ሰው ነው። የያዘውም እንጨት አልነበረም፣ ከአይብ የተቀረጸ ነበር። መንገድ ላይ ርቦት ሰደፉን በልቶት ነው የደረሰው።»

ፕሬንቲስ እርሳሱን እንዳነሣ ቀረ። «የትኛውን ልጻፍ?»

«የሱን ጻፈው» አለ አንሰል፣ «አይጦች ያነቡታል።»

ፕሬንቲስ ስቆ ደብተሩን አጠፈና የመጣበትን ሌላ ጉዳይ ተናገረ። ለበዓሉ አንድ ልዩ ጠመንጃ ይሠራል፤ በመስታወት ሣጥን ሆኖ ዋናው በር ላይ ይቆማል። አፈሙዙን የሚያቀናው አንጋፋው አቅኚ ነው። ዓርብ ዋናው መርማሪ ራሱ መጥቶ ሁሉም ባሉበት ያየዋል።

«እንኳን ደስ አለህ» አለው ኤልዜር። ፊቱ ግን ደስ ያለው አይመስልም ነበር።

አፈሙዙ ረቡዕ መጣ። አንሰል አጋድሞ በቀኝ ዓይኑ አየ፤ ወተት። በግራው አየ፤ ክሩ ይታያል፣ እጁ ግን ያንን ዓይን አያውቀውም። መዘውሩን ሲያዞር አለፈበት፤ ሲመልስ እንደገና አለፈበት። በምሳ ሰዓት ሁሉም ወደ ወንዙ ዳር ሲወርድ እሱ ቀረ፤ ከማቅኛው ኋላ ሣጥን ላይ ተቀምጦ የባቄላ ሳንድዊቹን ፈታ።

በሩ ተከፈተ። ኤልዜር የሾርባ ቆርቆሮውን ይዞ ገባ፤ በቧንቧው ማሞቂያ ላይ አስቀመጠው፤ ከዚያ በቀጥታ ወደ አንሰል መደርደሪያ ሄደ። አንድ አፈሙዝ አንሥቶ ወደ መስኮቱ አየበት፤ መለሰው። ሌላ አነሣ። ይህኛውን ወደራሱ ማቅኛ ወስዶ መዘውሩን ሩብ ያህል አዞረና መልሶ በቦታው አኖረው።

«ምን እያደረግክ ነው?» አለ አንሰል።

ኤልዜር ደንግጦ ዞረ። «ሾርባዬ እስኪሞቅ ነው።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

«ከሚያዝያ።»

«ከአሥሩ ስንቱን?»

«ሦስቱን። ሰኞ ሰኞ አራት ይሆናል።»

አንሰል ሳንድዊቹን መልሶ ጠቀለለው። «በሰው አፈሙዝ ውስጥ ታያለህ?»

«አንተ ካላየህበት ማን ይይበት?» አለ ኤልዜር። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ስማ፣ ለአንተ ብዬ እንዳይመስልህ። አንተ ከወጣህ በሕጉ እኔ ወደዚያ መስኮት እገባለሁ። በስንጥቁ የሚገባውን ነፋስ አውቀዋለሁ። ከአንተ በፊት የነበረው ሽማግሌ እያስነጠሰ ነው ጡረታ የወጣው። አራተኛው ይሞቃል፣ ተመችቶኛል።»

አንሰል ማታ ሥራው ሲያልቅ ኮቱን ለብሶ ወጣ። ወደ ቤቱ ሲሄድ በድልድዩ ላይ ቆሞ ወንዙን አየ። ኤልዜርን ሊሰድበው ፈልጎ ስድቡ አልመጣለትም። አምስት ወር ሙሉ እጄ ያውቀዋል ሲል፣ የሚያውቀው የሌላ ሰው እጅ ነበር።

ሐሙስ ጠዋት መዘውሮቹ ሁሉ እየጮኹ ሳለ የበዓሉን አፈሙዝ ይዞ ተነሣ፤ አራተኛው መስኮት ሄዶ ኤልዜር ማቅኛ ላይ አጋደመው።

«እየው» አለ።

መዘውሮቹ አንድ በአንድ ቆሙ። በዚያ ክፍል እንዲህ ያለ ነገር ማንም አይቶ አያውቅም። ኤልዜር ዙሪያውን ቃኝቶ አጎነበሰ።

«ከጫፉ አንድ ስንዝር ገባ ብሎ ተሰብሯል።»

«አውቃለሁ።»

«አታውቅም።»

«እሺ፣ አላውቅም። ንገረኝ።» አንሰል ከላይ መዘውሩን ያዘ። ኤልዜር ከታች በቀዳዳው እያየ፣ «ትንሽ። ጨምር። ጨምር አልኩህ እንጂ ግደለው አላልኩህም። መልስ። በቃ» ይለዋል። እንዲህ ሲነታረኩ ምሳ ደረሰ። ሲጨርሱ አንሰል ሦስት ነጥቡን መታ፤ መዶሻውን ለኤልዜር ሰጠው። ኤልዜር ከጎኑ የራሱን ትንሽ መስቀል መታ።

ዓርብ ዋናው መርማሪ አፈሙዙን አንሥቶ ረጅም ጊዜ አየበት። ምንም ሳይል አስቀመጠው። እሱ ዘንድ ዝምታ ማለት ምስጋና ነው። ፎርማኑ ኪምቦል ግን ገልብጦ ምልክቱን አየ።

«ይህ ምንድን ነው? በአንድ አፈሙዝ ሁለት ምልክት?»

ኤልዜር ሊናገር አፉን ሲከፍት አንሰል ቀደመው። «እጁ የእኔ ነው፣ ዓይኑ የእሱ። ቀኝ ዓይኔ ሞራ ለብሷል። ከሚያዝያ ጀምሮ አላይበትም።»

ኪምቦል መነጽሩን አውልቆ በሸሚዙ ጫፍ ሲጠርግ ቆየ። «ምልክቱ ይቆይ» አለ በመጨረሻ፤ «እንጨቱ ይሸፍነዋል። ሰኞ ምድር ቤት ለሰደፍ የሚሆነውን የዋልነት እንጨት የሚመርጥ ሰው እፈልጋለሁ። እንጨቱ መድረቁ የሚታወቀው በእጅ ነው።»

መጽሔቱ ሲታተም ስለ ቁልፍ ሠሪውም ስለ አይቡም የተጻፈ አልነበረበትም። በፕሬንቲስ ስም የወጣው የዋናው ሥራ አስኪያጅ ንግግር ብቻ ነበር። ጠመንጃው በመስታወቱ ውስጥ ቆመ። አንሰል ምድር ቤት ሰደፍ የሚሆነውን ጥሬ እንጨት እያገላበጠ፣ ደርቋል አልደረቀም እያለ ይለያል። በመጀመሪያው ሳምንት አኮረፈ፤ በሁለተኛው ሳምንት መሳሳቱን ትቶ ኮራ።

በኅዳር ብርድ ሲገባ አንድ ቀን በምሳ ሰዓት ሦስት ፎቅ ወጣ። ኤልዜር ሦስተኛው መስኮት ሥር አንገቱን በፎጣ ጠቅልሎ ተቀምጧል።

«መጣህ?» አለው። «መስኮትህ ገደለኝ። ይህን ሁሉ ዓመት እዚህ የተቀመጥከው በምን ተአምር ነው?»

አንሰል ከኮቱ ኪስ ክንድ የሚያህል፣ ከግራጫ ሱፍ የተሠራ ጠባብ የሹራብ ጥብጣብ አወጣ። ሎቪና ለመስኮቱ ስንጥቅ መድፈኛ የሠራችው ነው፤ በየዓመቱ ብርድ ሲገባ ያስገባዋል፣ ብርዱ ሲለቅ ያወጣዋል። ለማንም ተናግሮ አያውቅም። በመስኮቱ ግራ በኩል ያለውን ስንጥቅ በጣቱ ዳስሶ አገኘውና እያጠፈ እስከ ጥጉ ጠቀጠቀው። ነፋሱ ቆመ።

ኤልዜር እጁን ስንጥቁ ላይ አድርጎ ቆየና ፎጣውን ከአንገቱ ፈታ። «ሎቪና ናት?»

«ሎቪና ናት። በመጋቢት አጥበህ ትመልሳለህ። በቀዝቃዛ ውሃ ነው፣ አለበለዚያ ይሸበሸባል።»

«በቀዝቃዛ» አለ ኤልዜር። ከዚያ ሾርባውን ከቧንቧው ላይ አንሥቶ መቀመጫ ሣጥኑን በእግሩ ወደ አንሰል ገፋለት።