ያልታዘዘው ቅጂ

ጥቅምት ስምንት ቀን ነበር። ስምንት ነው ወይስ ዘጠኝ? ሐሙስ መሆኑን ግን ስልክ ጠጋኟ አትጠራጠርም፤ ሐሙስ ሐሙስ ጎረቤቷ ፎቶ ኮፒ ቤት የፈተና ወረቀት ስለሚያባዛ፣ የማሽኑ ጉርምርምታ በግድግዳው አልፎ ቀኑን ሙሉ አብሯት ይውላል። «ዘጠኝ ነው» ትላለች ለራሷ ጮክ ብላ፤ ወዲያው ደግሞ «ኧረ ስምንት ነው»። የሚያርማት ሰው ቤት ውስጥ የለም።

ሙያውን የተማረችው ከባሏ ነው። እሱ ሄደ፤ የብየዳ ካውያውና ሱቁ ቀሩ። ከሱቁ ጀርባ ባለችው ጠባብ ክፍል ብቻዋን ታድራለች፤ ጠዋት መጋረጃውን ገልጣ ሥራ ትገባለች፣ ማታ መጋረጃውን ገልጣ ቤቷ ትገባለች። ድሮ ደንበኞች «ባለቤትሽ የለም?» ይሏት ነበር። የሞተ ስልክ ሁሉ በእጇ ሲነሣ ጊዜ ግን ጎረቤቷ ባለፎቶ ኮፒው «ሙት አስነሺዋ» ብሎ ስም አወጣላት፤ ስሙም ጸደቀ።

ሎጎው ላይ ተገትሮ አልነቃም ያለ ስልክ ሲመጣላት በኬብል ከኮምፒውተሯ ጋር ታገናኘውና ሲስተሙን ከሥር እንደ አዲስ ትጽፍበታለች። ለዚህ የአድራሻ ፋይል ያስፈልጋታል፤ በስልኩ ሚሞሪ ውስጥ የትኛው ክፍል ከየትኛው ቁጥር እንደሚጀምር የሚናገር ተራ ጽሑፍ ነው። አድራሻው ከተሳሳተ ሲስተሙ ሄዶ የሰው ፎቶ ላይ ይጻፋል፤ ሳሎን ነው ብሎ የሰው መኝታ ቤት ዘው እንደሚል እንግዳ። ስለዚህ የባለቤቱ ፎቶና ድምፅ ያለበትን ክፍል ከዝርዝሩ ላይ ምልክቱን ታነሣለታለች፤ ሳይነካ ይቀራል። ከዚያም በፊት ሚሞሪውን እንዳለ ወደ ኮምፒውተሯ ትገለብጣለች። ለምን ቢሏት፣ «እጄን አላምነውም» ነው መልሷ።

የዚያን ዕለት የመጡት ሰውዬ ጡረታ የወጡ የአውቶቡስ ሹፌር ነበሩ። ስልኩን ከመሀረብ ፈትተው ጠረጴዛው ላይ አኖሩት።

«ይሄ ነገር ሞቷል፣ ልጄ። ልታደስ አለኝ፣ እሺ አልኩት፣ በዚያው ቀረ።»

«አይዞዎት ጋሼ፣ ይነሣል። ፎቶዎ ሳይነካ...»

«ማን ፎቶ አለሽ? ሁሉንም አጥፊልኝ።»

«ምንም የለበትም እንዴ?»

«ሞልቷል!»

«ታዲያ?»

«ስለሞላ ነዋ!» ወንበሩን ስበው ተቀመጡ። «ጠዋት ጠዋት ሳልጠይቀው ‹የዛሬ ዓመት በዚህ ቀን› እያለ ባለቤቴን ያመጣልኛል። እሷ ስትስቅ፣ እሷ የኔን ኮፍያ አድርጋ ስታሾፍብኝ። ቀብረናት ስንመለስ ስልኩ መርዶ አልደረሰውም መሰለኝ። ቁርሴን እንኳ በሰላም ልብላ እንጂ!»

ፎቶ ኮፒው ጭንቅላቱን በበሩ አሾለከ። «ጋሼ፣ ቤት ተሳስተዋል፤ ይቺ ማስነሣት እንጂ መግደል አትችልበትም!»

«አንተ ወረቀትህን አባዛ!» አለችው። ሰውዬው ሳቁ፤ ሳቃቸው መንገድ ላይ ቀረ።

ይህ ሁሉ ሲባል እጇ ኬብሉን ሰክቶ የለመደውን ይሠራ ነበር። ዞር ብላ ስታይ ሚሞሪው እንዳለ ተገልብጦ አልቋል። ማንም አላዘዛትም። ልትነግራቸው አፏን ከፈተችና ተወችው። ብትነግራቸው «እሱንም አጥፊ» ይሉ ይሆናል። አጥፊ ብለው በሳምንቱ ፊታቸው ገርጥቶ የሚመለሱትን ደግሞ ታውቃቸዋለች። ቅጂው የተቆለፈ የቁጥር ክምር ነው፤ እሷም ሆነች ሌላ ሰው ሊከፍተው አይችልም። እዚያው ስልክ ላይ ከተመለሰ ብቻ ሴትዮዋ እንደገና ትስቃለች።

«ሁሉንም?»

«ሁሉንም አልኩሽ።»

ዘወትር የምትተወው መስመር ላይ ምልክት አደረገች። እንግዳ ነገር ሆነባት፤ የሰው ቤት በቁልፍ ከፍታ የገባች ያህል። ኮምፒውተሩ ላይ የሥራውን ሂደት የሚያሳየው መስመር ሞላ። ስልኩ ነቃ፤ ቋንቋ እንዲመርጡ ጠየቀ፣ ከዚህ በፊት አይቷቸው እንደማያውቅ ሁሉ።

ቋንቋውን መርጣ ለሰውዬው ሰጠቻቸው። አውራ ጣታቸው በልማድ ፎቶዎቹ የነበሩበት ቦታ ሄዶ አረፈ። ባዶ ነው። ነካ አደረጉት፤ አሁንም ባዶ ነው።

«ጸጥ አለ» አሉ።

እፎይ ብለው ይሁን ሆድ ብሷቸው መለየት አቃታት። እሱን ካላወቀች ደግሞ የቅጂውን ነገር እንዴት ታንሣው? ጊዜ ለመግዛት ኬብሉን መጠቅለል ጀመረች። «ጋሼ» ልትል ስትል ከፌርማታው የአውቶቡስ ጥሩንባ ተሰማ።

«ስሚው እስቲ! ፍሬን ሳይዝ ጥሩንባ ይነፋል፣ የዛሬ ልጅ!» ብለው ብድግ አሉ። ለዕድሜያቸው ፈጣን ናቸው። መሀረቡን ኪሳቸው ከተቱ፣ «ተባረኪ» አሉና ወጡ።

ስልክ ቁጥራቸውን አልያዘችም፤ የሞተ ስልክ ይዞ የመጣን ሰው ማን ቁጥር ይጠይቃል? ኬብሉን ጥላ ተከተለቻቸው።

«ጋሼ! ቅጂውን ላቆየው ወይስ...»

በሩ ላይ ስትደርስ አውቶቡሱ እሳቸውን ይዞ ተነሥቷል።