አስፋው ያላለው ቃል

ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ሚስቴ አታውቅም። የንስሐ አባቴ ሲጠይቁኝም ሌላ ሌላውን ኃጢአት ዘርዝሬ ይችን ዘልያታለሁ። ለእናንተ የምነግራችሁ ስለማላውቃችሁ ነው።

መጀመሪያ ማን እንደሆንኩ እወቁ፤ ሳታውቁኝ ልትፈርዱብኝ አትችሉም። ትምህርት ቤት የቆየሁት እስከ አራተኛ ክፍል ነው። የቀረውን ራሴን በራሴ አስተማርኩ። ጫኖ ላይ የመስኖ ፓምፕ ሠራተኛ በነበርኩባቸው ሃያ ስድስት ዓመታት ሞተሩ ይጮሃል፣ እኔ አነባለሁ። ዲግሪ የያዙ ልጆች ያላነበቡትን አንብቤአለሁ። ለመኩራራት አይደለም፤ እውነት ስለሆነ ነው የምለው። ከአርባ ምንጭ እስከ ካምባ አገር የፈጠረ ሰው ቢፈለግ የሚገኘው እኔ ብቻ ነኝ።

አዎ፣ አገር ፈጥሬአለሁ። ስሟ ኦሻራ ነው። በኦሻራ ተራሮች ይሄዳሉ። ሰው ቤቱን የሠራበት ተራራ እሱ ተኝቶ እያለ ሌላ ቦታ ይሄዳል፤ ስለዚህ የአገሩ ፈላስፎች ትልቁ ጥያቄ «ሰው የት እንዳለ በምን ያውቃል?» የሚል ነው። በዚህም ሁለት ወገን ሆነዋል። መዝጋቢዎቹ የእኔ ናቸው። ሰው በየጠዋቱ ያየውን ከጻፈ ማንንም ሳይጠይቅ ያለበትን ያውቃል ይላሉ። ተከታዮቹ ደግሞ የጓደኛዬ የአስፋው ናቸው፤ ሰው ያለበትን የሚያውቀው ሌላውን ጠይቆ ነው ይላሉ።

አስፋው በወጣትነቱ ከጎጃም መጥቶ እዚሁ የቀረ የጂኦግራፊ መምህር ነበር። ጡረታ ከወጣን በኋላ እሑድ እሑድ ከአርባ ምንጭ ሲቀላ ሰፈር ወደ አባያ ሐይቅ በእግራችን እንወርድ ነበር። መረባቸውን ከሚጠግኑት ዓሣ አጥማጆች አጠገብ ተቀምጠን እኔ መዝጋቢ፣ እሱ ተከታይ እየሆነ እንከራከራለን። አንድ ቀን አንዱ ዓሣ አጥማጅ የመሬት ክስ ያለን መስሎት ሊያስታርቀን ተነሥቷል። አስፋው ሲናደድ «እሺ አንተ መዝጋቢ፣ አዞው ሲመጣ መጀመሪያ መዝግበው!» ይለኝ ነበር።

የኦሻራ ፈላስፎች አንድ የማይጣስ ሥርዓት አላቸው። ለተቃዋሚህ ከመመለስህ በፊት ያለውን መልሰህ ትናገራለህ፤ እሱ «ቃሌ ነው» እስኪል ድረስ አንተ የራስህን አትጀምርም። ይህን እኔ የፈጠርኩት እየመሰላቸው ብዙዎች አድንቀውኛል። የወሰድኩት ግን አባቴ ይቀመጥበት ከነበረው ዱቡሻ፣ ማለትም የመንደራችን ሽማግሌዎች ከሚመክሩበት ሜዳ ነው። እዚያ አንዱ የሌላውን ቃል ሳያነሣ የራሱን ሲያስቀምጥ አላየሁም። እንግዲህ ሥርዓቱን አላውቅም ነበር ልል አልችልም።

ሚሊኒየሙ ከተከበረ በኋላ በነበረው በጋ፣ አንድ እሑድ፣ አስፋው እንዲህ አለ፦

«የምትመዘግበው ተራራው ላይ ቆመህ ነው። ሲሄድ አንተም ደብተርህም አብራችሁ ትሄዳላችሁ። የሄደው ያንተ ተራራ ነው ወይስ የማዶው? ይህን የሚነግርህ ማዶ ያለው ሰው ብቻ ነው። ጮኸህ ጠይቀው!» ከዚያም ሳቅ ብሎ «ብቻውን የተማረ ሰውም እንደዚያው ነው፣ ቶማ» አለኝ።

መልሼ ተናገርኩለት። «ቃሌ ነው» አለ። ቀጥሎ የእኔ ተራ ነበር። ትንኝ መጣ፣ እንሂድ አልኩ።

የኦሻራን መጽሐፍ የጻፍኩት በዚያው ዓመት ክረምት ነው። ለተከታዮቹ ሊቅ የአስፋውን ባርኔጣ፣ የአስፋውን ከዘራ፣ የአስፋውን ሳል ሰጠሁት፤ ማንም ሰው እንዲያውቀው። ከዚያ እንዲህ አስባልኩት፦ «ተራራው ስለሚሄድ ማወቅ አይቻልም። ማወቅ ካልተቻለ መጠየቅም ድካም ነው። ስለዚህ እንተኛ።» የእኔ መዝጋቢ ይህንኑ መልሶ ሲናገር ሊቁ «ቃሌ ነው» ይላል። እኔ ነኝ የጻፍኩት። በዚህ እጄ ጻፍኩት። የተሳሳትኩ እንዳይመስላችሁ፤ የእኔ የማስታወስ ችሎታ በከተማው የታወቀ ነው። ማዶ ያለውን ሰው ጠይቅ ያለውን ሰው፣ አትጠይቁ አስባልኩት።

ተማሪዎች በተሰበሰቡበት፣ ሲቀላ በሚገኝ አዳራሽ መጽሐፉ ተነበበ። «እንተኛ» የሚለው ላይ ሲደርስ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። አንዲት ተማሪ ወደ ፊት ወንበር ዞራ «ጋሼ፣ እውነት እንደዚህ ብለው ነበር?» ብላ አስፋውን ጠየቀችው።

እሱ ግን ወደ እኔ ዞሮ ጠበቀ። ዛሬም ድረስ የምጠይቀው ይህን ነው፦ ለምን ጠበቀኝ? ራሱ አላልኩም ማለት ያቅተው ነበር? አያቅተውም። ዕድሉን ለእኔ መስጠቱ ነበር። እኔ ምን አልኩ?

«ብሏል እንጂ! ምስክሩ እኔ ነኝ!»

እንደገና ተሳቀ። አስፋው ባርኔጣውን አደረገና «እንግዲህ እንተኛ» ብሎ ወጣ።

እሑዳችን በዚያው ቀረ። ቤቱ ከቤቴ የሩብ ሰዓት መንገድ ነበር፤ አልሄድኩም። ከስድስት ዓመት በኋላ ሞተ። አስከሬኑን ከተሸከሙት አንዱ ነበርኩ። ሰው ሁሉ የልብ ጓደኛው እያለ አጽናናኝ፤ እኔም ተጽናናሁ።

ከለቅሶው ጥቂት ወራት በኋላ ካምባ የምታስተምረው ልጁ ሰብለ ቤቴ መጣች። «ጋሼ፣ አባዬ ምንም ጽፎ አላስቀመጠም። ከእርስዎ ጋር ያወራው የነበረውን ነው የምፈልገው» አለችኝ።

ያን ጊዜ ብናገር ምን ነበረበት? አዳራሽ የለ፣ የሚስቅ የለ፤ እሷና እኔ ብቻ። እኔ ግን ገብቼ መጽሐፉን አመጣሁና ፈርሜ ሰጠኋት። ደጃፌ ካለው ማንጎ ሥር ቆማ ያንን ገጽ አነበበች።

«አባዬ እንዲህ ያስብ ነበር?»

«አዎ ልጄ። ቀልደኛ ነበር።»

መጽሐፉን ቀስ ብላ ዘጋችው። «እኛን ሁልጊዜ ‹ብቻችሁን አትወስኑ፣ ሰው ጠይቁ› ይለን ነበር እኮ» አለች። እስክሪብቶዬን ኪሴ ከተትኩ። እሷም «ምናልባት ልጅ ሆኜ አልገባኝ ይሆናል» አለችና አመስግናኝ ሄደች።

አመስግናኝ!

በአዳራሹ የሠራሁትን ትዕቢት ነው ብዬ ላልፈው ሞክሬአለሁ። ይህኛውን ግን ምን እለዋለሁ? አስፋው ከራሱ ለልጁ ያስተረፈው አንድ ነገር ነበር፤ ትክክለኛም ነበር። እሱን ነው ከእጇ የቀማኋት። ሽማግሌ ነበርኩ አልልም፤ ደንግጬ ነው አልልም። አልደነገጥኩም። ፊርማዬ እንኳ ያማረ ነበር።

ይህን ጽሑፍ ነገ ጠዋት በካምባ መኪና እልክላታለሁ። ለእናንተም ያስነበብኳችሁ እሷ ብትቀደው እንዳይጠፋ ብዬ ነው።

ሰብለ፣ በደንብ ገብቶሻል። አባትሽ ጠይቁ ነው ያለው። እኔን ያህል ያነበበ ሰው በዚህ አገር የለም፤ አባትሽ ግን በዚያ እሑድ፣ ዓሣ አጥማጆቹ እየሰሙ፣ ረትቶኛል። መልስ አልነበረኝም። አሁንም የለኝም።